በጉምሩክ ቤቱ ደጃፍ የሚነገር ወሬ

ኅዳር 4 ቀን

ለአክስቴ ልጅ፣

ጤናህ እንደምታየው ባሕር የሰፋ ይሁን። እኛ ደህና ነን፤ እማዬም ከጉልበቷ ጋር ከመጣላቷ በቀር ምንም አልሆነችም።

ወደ ጉዳዬ ልግባ። በወሩ መጨረሻ ሁለት እንግዶች ይዤ ወደ ደሴታችሁ እመጣለሁ። የጨርቅ ፋብሪካ ሰዎች ናቸው፤ አንደኛው የሽያጭ ኃላፊ ነው፣ ሁለተኛዋ የሒሳብ ሹም ናት። ለአንሶላም ለከፈንም የሚሆነውን ነጭ ጨርቃቸውን በሙሉ ለአንድ አከፋፋይ ሊሰጡ አስበዋል። ያ አከፋፋይ እኔ እንድሆን እፈልጋለሁ። ቢሮ ውስጥ ደጋግመን ተቀመጥን፤ ቢሮ ውስጥ ግን ሰው ልቡን አይከፍትም። ባሕር ላይ ሹምም ልጅ ይሆናል። ስለዚህ ጀልባዋን ለእኛ ብቻ አድርግልን፤ ሌላ ጎብኚ አትቀላቅልብን። ግንቡን፣ የመብራት ማማውን፣ የድሮውን ጉምሩክ ቤት፣ የምታሳየውን ሁሉ አሳየን።

አንድ አደራ አለኝ። በሰዎቹ ፊት «እትዬ» እንዳትለኝ። ዘመድ መሆናችንን ካወቁ ግብዣው ምንም ያላስወጣኝ ይመስላቸዋል። እንደማንኛውም እንግዳ ቁጠረኝ።

እማዬ «እኔስ መቼ ነው የምሄደው?» እያለች ነጋ ጠባ ትነዘንዘኛለች። ባሕር ሳላይ አልሞትም ብላለች። ለበጋው አስቤላታለሁ።

እህትህ


ኅዳር 15 ቀን

ለእትዬ፣ (እንግዲህ ወረቀት ላይ እንኳ ልጥራሽ)

ናፍቆቴን ማዕበሉ ተሸክሞ ያድርስልሽ። የምነግድበት ዕቃ የለኝም እንጂ ከሰላምታው ጋር አንድ ነገር በላክሁ።

አንቺን እንደ እንግዳ መቁጠር አይከብደኝም፤ እንግዳ ሆነሽ ነው የከረምሽብን። ጀልባዋ የእናንተ ናት። ጠዋት ነፋሱ ሳይነሳ እንውጣ። ለሴትዮዋ ተረከዝ ያለው ጫማ እንዳታደርግ ንገሪያት፤ የግንቡ ደረጃ ሙሽራ አይወድም። ሆዱ የሚገለበጥ ሰው ካለ ከመሃል ይቀመጥ፤ ከፊት የሚቀመጠው እኔ ካዘዝኩት በቀር ማንም አይደለም።

አክስቴን ጉልበቷን ሳሚልኝ። እናቴ ስትሞትብኝ ያሳደገችኝ እሷ ናት፤ አንቺ ታውቂዋለሽ። ዛሬ የምኖረው በአፌ ነው፤ አፌን የፈታችልኝም እሷ ናት። ከእንግዶችሽ ሁሉ በፊት እሷን ማምጣት ነበረብሽ። ተቆጣሁ እንዳትዪ፤ ቀልዴን ነው። ግማሹን ነው ቀልዴን።

ወንድምሽ


ኅዳር 29 ቀን፤ ከማስታወሻዬ

ውሉን አገኘሁ። የሄድኩበት ጉዳይ እሱ ስለሆነ አስቀድሜ ልጻፈው።

ጀልባዋ ትንሽ ናት፤ የጥላዋ ሸራ ተቀዶ በገመድ ታስሯል። የአክስቴ ልጅ ወፍሯል። አደራዬን ጠብቆ «እመቤት» እያለ ጠራኝ፤ ከጀልባ ሲያወርደኝ ግን እጄን ጨበጥ አደረገኝ። ሥራውን ያውቅበታል። ሲናገር ጀርባውን ለባሕሩ ይሰጣል፤ ሰው እሱንና ባሕሩን ባንድ ላይ እንዲያይ ነው። የሒሳብ ሹሟ ስታዛጋ ካየ ድምፁን ዝቅ ያደርጋል፤ እሷም ለመስማት ጠጋ ትላለች። እኔም ደንበኛ ሲሰለች እንደዚያው አደርጋለሁ።

ጉምሩክ ቤቱ ጋ ስንደርስ እንግዶቼ ወሬውን ቀድመው ከሌላ ሰው ሰምተው ኖሮ «ያ የሚስማሩ ቀዳዳ የታለ?» አሉት። ጣሪያው ወድቋል፤ የቀረው ግድግዳውና የድንጋይ መቃኑ ነው። ከመቃኑ ላይ አውራ ጣት የሚያስገባ ቀዳዳ አለ።

«ጣታችሁን አስገቡ» አላቸው። እንደ ልጅ እየተጋፉ አስገቡ።

«እዚህ ወደብ ላይ አንዲት ጨርቅ ሻጭ ነበረች» ብሎ ጀመረ። «መለኪያ ዘንጓ ከሰው ሁሉ ዘንግ በአንድ ጣት ታጥራለች…»

ቀሪውን መስማት አላስፈለገኝም። ሴትዮዋ ትያዛለች። ዘንጓ በበሩ ላይ በሚስማር ይቸነከራል። እሷ ከሥሩ ቆማ ትውላለች፤ አላፊ አግዳሚው እየመጣ ክንዱን ከዘንጉ ጋር ይለካካል። ወደብ አልነበረም፤ ከገበያው መሃል ያለው የእኛ ሱቅ ነበር። ሴትዮዋ እማዬ ናት። እኔ ቀሚሷን ይዤ አጠገቧ ቆሜ ነበር።

አፉ እየተናገረ ዓይኑ እኔን ይጠይቅ ነበር፤ ልቀጥል ወይስ ልተው? ያኔ የሒሳብ ሹሟ ወደ እኔ ዞረች።

«እርስዎም የጨርቅ ነጋዴ ነዎት። ምን ይላሉ?»

«ምን እላለሁ!» አልኳት። «ስትሞት ከፈኗን በዚያችው ዘንግ ለክተውላት ከሆነ እግሯ ውጭ ቀርቷል።»

የሽያጭ ኃላፊው ግድግዳ እስኪይዝ ሳቀ። ሴትዮዋም ዓይኗን ጠረገች። እኔም ሳቅሁ። ከልቤ ነው የሳቅሁት፤ ቀልዷ ጥሩ ነበረች።

በመልሱ ጉዞ፣ ሳልጠይቀው፣ ውሉን የሽያጭ ኃላፊው ራሱ አነሳው።

እማዬ በር ላይ ቆማ ጠበቀችኝ። «ባሕሩ እንዴት ነው?» አለችኝ።

«ሰፊ ነው» አልኳት።


ታኅሣሥ 12 ቀን

ከእንግድነት ወደ ዘመድነት ለተመለስሽው ለእትዬ፣

ገበያሽ ይሙቅ፣ ደጃፍሽ ሰው አይጣ። እኔ ደህና ነኝ፤ ደሴቲቱም ካለችበት ንቅንቅ አላለችም።

አንድ ነገር ልንገርሽ። ያን ቀን ሰዎችሽ ስለ ሚስማሩ ሲጠይቁኝ ዓይንሽን እያየሁ ጀመርኩ። ፊትሽ ቢጠቁር ወደ ጨው መጋዘኑ ልሸሽ ነበር። አንቺ ግን ሳቅሽ! ይህን ወሬ ስናገር ሁልጊዜ ግማሽ ሌባ ነበርኩ፤ የሰው ቤት ዕቃ ነዋ። ያን ቀን ባለቤቲቱ ፈቀደችልኝ።

ድሮ ወሬውን የምዘጋው ያን ክፉ የችጋር ዓመት አንስቼ ነበር፤ ሴትዮዋ በዚያች አጭር ዘንግ ስንት አፍ እንዳሳደረች ተናግሬ። ሰው «እህ» ብሎ ወደ ጀልባው ይሄዳል። አሁን በአንቺ ቀልድ ነው የምዘጋው። ባለፈው ሳምንት አንድ ሽማግሌ ከሳቁ ብዛት ሰው ሠራሽ ጥርሳቸው ወልቆ ከድንጋይ መሃል ስንፈልግላቸው ዋልን። ሲሄዱ እጄን ይዘው «ልጄ፣ ለሳቅ ብዬ ደግሜ እመጣለሁ» አሉኝ።

አሁን አክስቴን አምጫት። ጀልባዋን ባዶ አድርጌ ለብቻዋ ነው የማስጎበኛት። ሌላ እንዲህ ያለ ወሬ ካላት ደግሞ አጠያይቂልኝ፤ ለመብራት ማማው ወሬ አጥቼ ተቸግሬያለሁ።

ወንድምሽ


ጥር 20 ቀን

ለአክስቴ ልጅ፣

ሰላምታዬ ካለህበት ይድረስህ። መልሴ የዘገየው የፋብሪካው ጨርቅ ገብቶ ሱቁ በመገለባበጡ ነው።

እማዬ በዚህ በጋ አትመጣም። ሐኪም ጀልባ ከልክሏታል።

የጉምሩክ ቤቱን ወሬ በተመለከተ አሰብኩበት፤ ባትናገረው ይሻላል። የቤተሰብ ነገር ለመንገደኛ አይሆንም። ዕቃ ስወስድ በምትኩ ማስቀመጥ ልማዴ ስለሆነ ይኸው ሌላ ወሬ፦ በሚስማሩ ላይ የመርከብ አዛዥ ኮፍያ ይሰቀል ነበር በል። ኮፍያው ካለ አዛዡ ከተማ ውስጥ ነው፤ ከሌለ ባሕር ላይ ነው። ሚስቱ በየጠዋቱ እየመጣች ታየው ነበር። ሰው ይወደዋል።

የጀልባህ ሸራ እንደተቀደደ አይቻለሁ። ውኃ የማያስገባ ወፍራም ሸራ አለኝ። ወሬውን መተውህን እንደጻፍክልኝ እልክልሃለሁ።

እህትህ


ጥር 30 ቀን

ለእትዬ፣

ጤና ይስጥልኝ።

ሸራውን ለሌላ ደንበኛ ሽጪው። ሌላ ሰው ቢሰጠኝ እግሩን እስም ነበር፤ አንቺ ግን ጀልባዬን ሳይሆን አፌን ልታለብሺው ነው።

የኮፍያውን ወሬ አልናቅሁትም፤ ሞክሬዋለሁ። አንዲት ሴትዮ ቀዳዳውን አየችና «ኮፍያ ለመስቀል ይህን የሚያህል ሚስማር? ሰውዬው ራሱንም ይሰቅል ነበር እንዴ?» አለችኝ። ሌሎቹ ደግሞ ገና ሳይወርዱ «የከፈኗ ሴትዮ ጋ መቼ ነው የምንደርሰው?» ይላሉ። ስሟ እንዲህ ሆኗል። የቀሩት አስጎብኚዎችም ወስደዋታል። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው እትዬ፤ እኔ ብተወው እነሱ አይተዉትም።

ደግሞ ነገሩ አልገባኝም። እኔ ይህን ወሬ የሰማሁት ከራሷ ከአክስቴ አፍ ነው። ልጅ ሆኜ እናቴን እያልኩ ሳለቅስ እየሳቀች ነበር የምትነግረኝ። እኔም እንደ ጀግና ነበር የማወራላት። አንቺ ነሽ ሳልጨርስ ያቋረጥሽኝ። ስትስቂ አይቼሻለሁ፤ የግድ ሳቅ አልነበረም። ያኔ ያልከፋሽ ነገር ከወር በላይ ቆይቶ ከፋሽ?

ሳልዘጋው፦ ጎረቤታችሁ ነርሷ ጽፋልኛለች። ሐኪም አክስቴን ጀልባ አልከለከላትም፤ ሐኪም ዘንድ የሄደችውም ባለፈው ዓመት ነው አለች። በየካቲት አጋማሽ ሁለቱ አብረው ይመጣሉ። አክስቴ «ለልጄ አትንገሪያት፣ ሥራ ትፈታለች» ብላለች። እኔ ግን ነገርኩሽ።

ወንድምሽ


የካቲት 6 ቀን

ለአክስቴ ልጅ፣

እንደምን ሰነበትክ።

እናቴ አጠገቤ እያደረች መንገድ ልትነሳ ማሰቧን ከአንተ ሰማሁ። ይገባኛል።

አንተ ከአፏ ሰምተሃል፤ እኔ አይቻለሁ። እየሳቀች የነገረችህ የምታለቅስ ልጅ ስለነበርክ ነው። ያን ዕለት ሰው ሲበተን ሚስማሩን በመዶሻ ጀርባ ነቅላ ዘንጓን ምድጃ ውስጥ ስትከት አልሳቀችም። እኔም ሱቁን ከተረከብኩ ወዲህ ለክቼ ስጨርስ ሁልጊዜ አንድ ጣት እጨምራለሁ፤ ደንበኞቼ «እጀ ሰፊ» ይሉኛል። ለምን እንደምጨምር የጠየቀኝ የለም።

ወሬውን ብትሰማ ትስማ። ቀልዷን እንዳትሰማ። ከሰማችም የእኔ መሆኗን እንዳታውቅ። የማንም በላት፤ የአንተ በላት። ይህን ለምኜሃለሁ፤ ሸራ የለበት፣ ምትክ የለበት።

ጭነት ስለሚገባ አብሬያት አልመጣም።

እህትህ


የካቲት 14 ቀን፤ ከማስታወሻዬ

እማዬን መናኸሪያ አድርሼ መጣሁ። ለአዘቦት የማታወጣውን ጫማ አድርጋለች። ነርሷ ሻንጣውን ስታስጭን እኔና እሷ ብቻችንን ቀረን።

«አንቺስ?» አለችኝ።

«ጭነት አለብኝ።»

«ጭነት ጥሩ ነው» አለች።

ጭነት አልነበረም። ሱቅ ገብቼ የተደረደረውን ጣቃ አውርጄ እንደገና ደረደርኩት።


የካቲት 25 ቀን

ለእትዬ፣

አክስቴ በደህና ተሳፍራለች፤ ይህ ደብዳቤ እሷን ቀድሞ ቢደርስሽ ደስ ይለኛል።

የጉብኝቱ ቀን ሲጀመር አምሮ ነበር። የመንሳፈፊያ ጃኬቱን ሳለብሳት «ይህ ትራስ ነው እንዴ? ልተኛ ነው የመጣሁት?» ብላ አሳቀችን። ጀልባው ሲነሳ እጇን ውኃ ውስጥ ከትታ ቀመሰችውና «እውነትም ጨው ነው፤ ይህን ሁሉ ማን ሸጦ ይጨርሰዋል?» አለች። ግንቡ ላይ ከመድፉ ጀርባ ተቀምጣ እንደ ሹም አዘዘችን። እትዬ፣ ልጅ ሆና ነበር።

ጉምሩክ ቤቱን በሩቁ አልፌ ወደ ጨው መጋዘኑ ልወስዳት ስል የሌላ አስጎብኚ እንግዶች ደጃፉን ሞልተውት አገኘን። ሰው ያየች ጊዜ ቆመች። ልጎትታት እጇን ብይዝ «ቆይ፣ የሚያወራው ነገር አለ» አለችኝ። ሰውዬው የእኔን ወሬ በእኔው አነጋገር እየነዳው ነው፤ ጀርባውን ሳይቀር ለባሕሩ ሰጥቷል።

«ዘንጓ በአንድ ጣት ታጥር ነበር» ሲል አክስቴ ከኋላ ሆና ጮክ ብላ «አንድ ጣት ብትሆን ማን ያውቅባት ነበር! ሁለት ጣት ናት!» አለች። እንግዶቹ ዞረው ሳቁላት። እሷም ሳቀች። እኔም ተገላገልኩ ብዬ ነበር።

ከዚያ ሰውዬው ቀልዷን ጣለው። ሰዉ ሁሉ አስካካ። አክስቴ ግን ወደ እኔ ዞረች።

«ይህችን ማን ጨመራት?» ብላ ጠየቀችኝ።

«እኔ ነኝ፣ አክስቴ።»

«አንተ?» ዓይኔን አየችኝ። «አንተ ከፈን ለክተህ ታውቃለህ? የሬሳ እግር ውጭ መቅረቱ የሚታየው ከፈን ለሸጠ ሰው ነው። ይህች የልጄ አፍ ናት።»

አይደለም ብዬ ማልኩ። መሐላዬን ሰማችና «አንተ ጥሩ ልጅ ነህ» አለች። ወደ መብራት ማማው እንሂድ ብላት «ጉልበቴ» አለች። ቀኑን ሙሉ ጉልበቷን ስታነሳ ያን ጊዜ የመጀመሪያዋ ነው። ጀልባ ውስጥ ጃኬቱን እንዳጠለቀች ተቀምጣ ባሕሩን ስታይ ቆየች።

ጥፋቱ የአንቺ ብቻ አይደለም። አንቺ አንዴ ነው ያልሽው፤ በየቀኑ ያልኩትና ለወደቡ ሁሉ ያስተማርኩት እኔ ነኝ። እኔ ከእንግዲህ እዚያ ደጃፍ አልቆምም። ሌሎቹን ግን ምን ላድርጋቸው?

ወንድምሽ


መጋቢት 4 ቀን

ለአክስቴ ልጅ፣

እማዬ ገብታለች። ደብዳቤህም ቀድሟት ደርሷል፤ ስለዚህ ስትገባ ፊቷን ያየሁት ሁሉን አውቄ ነበር።

ስለ ደሴቲቱ ለጎረቤቱ ሁሉ ታወራለች። ጃኬቱን፣ ጨዉን፣ መድፉን። ጉምሩክ ቤቱ ጋ ስትደርስ ዘላ ወደ መብራት ማማው ትገባለች። ደረጃው እንዴት እንደሚዞር፣ ከላይ ሆና ምን እንዳየች፣ ነፋሱ ሻሿን እንዴት እንደነጠቃት ትናገራለች። አንተ አልሄደችም ብለሃል። ነርሷም አጠገቧ ተቀምጣ ጣሪያ ጣሪያውን ታያለች። ለእኔ ስትል መሆኑ ስለገባኝ መቀመጥ አቃተኝ።

ዛሬ ጠዋት ሱቅ ልከፍት ስወጣ ተከትላኝ መጣች። በሩን ገፋ አድርጌ ገባን።

«እማዬ፣ ደሴቱ ላይ የሰማሽው ቀልድ…» አልኳት።

«የቱ ቀልድ?»

«የከፈኑ።»

«ሰዉ ይንጫጫ ስለነበር በደንብ አልሰማሁትም። እስቲ ንገሪኝ።»

እያወቀች ነው። እኔም ማወቋን እያወቅሁ ነገርኳት። እንደዚያን ቀን አሳምሬ መናገር አልቻልኩም፤ መሃሉ ላይ ቃሉ ተዘበራረቀብኝ፣ እንደገና ጀመርኩት። እሷ እንደ ደንበኛ ጨርቅ እያየች በትዕግሥት አስጨረሰችኝ። አልሳቀችም።

«ሰዎቹ ሳቁ?» አለች።

«ሳቁ።»

«ጨርቁን ሰጡሽ?»

«ሰጡኝ።»

ራሷን ነቀነቀች። ትቆጣለች ብዬ ነበር፤ ቁጣውን እችለው ነበር። ከመደርደሪያው ሥር የተቀመጠውን የፋብሪካውን ጣቃ በእግሯ ነካ አደረገችው።

«ይኸው ነው?»

«ይኸው ነው።»

«እንግዲያው ለኪልኝ» አለች። «አሁን፣ በዓይኔ እያየሁሽ።»

እማዬ ተዪ አልኳት። ልብስ እንደምታሰፋ ሰው እጆቿን ከጎኗ አድርጋ ቀጥ ብላ ቆመች። ጣቃውን አነሳሁና ጫፉን ከራሷ በላይ ይዤ ወደ ታች ዘረጋሁት። በትከሻዋ፣ በወገቧ፣ በዚያ በጉልበቷ አልፎ እግሯ ጋ ደረሰ። ተንበርክኬ ነበር። መቀሱን ይዤ ቀና ብዬ አየኋት፤ ይበቃል ትላለች ብዬ። ትንሽ ዘረጋሁ። ወለሉ ላይ እየነጠፈ ጨርቁ መደርደሪያው ሥር ደረሰ፣ ወደ በሩ ዞረ፤ እኔ ተንበርክኬ እየዘረጋሁ ነበር፣ እሷም ቆማ ታየኝ ነበር። ይበቃል አላለችም።

እህትህ